ከጉርሻ የወጣ ጥፍር

ፍኖተ ሰላም፣ ጥር 14 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለተከበሩ እትዬ ሠርክአዲስ፣ ባሉበት

በሰው አገር የሚጠብቅዎ አምላክ ጤናዎን ያብዛልኝ። እኛ ከአያቴ ጉልበት በቀር ሁላችንም ደኅና ነን። እናትዎን እማማ እማዋይሽን ባለፈው ቅዳሜ ገበያ አግኝቻቸው ነበር። ደኅና ናቸው፤ ላገኙት ሰው ሁሉ «ልጄ ሻርጃ ትልቅ ሳሎን ነው የምትሠራው» እያሉ ይናገራሉ።

ምናልባት አያስታውሱኝም። ያምሮት ነኝ፣ የእንዳለው ልጅ። አያቴና እናትዎ የእህትማማች ልጆች ናቸው። እርስዎ ሲሄዱ ሦስተኛ ክፍል ነበርኩ፤ አሁን አሥራ ሁለተኛን ጨርሼ፣ ነጥብ ሳይመጣልኝ ቀርቶ፣ ቤት ተቀምጫለሁ። አባዬ ፓስፖርት አስወጥቶልኛል። እርስዎ ካሉበት አገር በቤት ሠራተኝነት ሊልከኝ ከአንድ ደላላ ጋር ተነጋግሯል። እኔ ግን መሄድ አልፈልግም፤ ጥፍር መሥራት ነው የምፈልገው። ከባሕር ዳር ጄል የሚባለውን የጥፍር ቀለምና ትንሽ የማድረቂያ መብራት አስመጥቼ ጓዳችን ውስጥ ጀምሬያለሁ። አባዬም እስከ ዳግም ትንሣኤ ድረስ ታግሦኛል። እስከዚያ ደንበኛ ካገኘሁ እቀራለሁ፣ ካላገኘሁ እሄዳለሁ።

ችግሬ፣ የምሠራው ጄል ሦስት ቀን አይቆይም። ከጫፉ ተነሥቶ ይላጣል። ጓደኛዬ ሀኒ ደግሞ በዳግም ትንሣኤ ተክሊል ታደርጋለች፤ ሙሽራው የቡሬ ልጅ ነው። ጥፍሯን እኔ እንድሠራላት ፈቅዳልኛለች። ሰርጉም መልሱም ቅልቅሉም እስኪያልፍ አሥራ አምስት ቀን ሳይነሣ መቆየት አለበት። እሱ ካማረልኝ ከተማው በሙሉ ያየዋል። እባክዎ፣ ጄሉ ከመቀባቱ በፊት ጥፍሩ እንዴት እንደሚዘጋጅ ይጻፉልኝ። የሳሎንዎን ፎቶም ቢልኩልኝ ግድግዳዬ ላይ እለጥፈዋለሁ።

እዚህ ኢንተርኔት እንደተዘጋ ነው። ይህን ወረቀት አዲስ አበባ ላለው ወንድሜ ለምስክር በአውቶቡስ እልከዋለሁ፤ እሱ ፎቶ አንሥቶ በስልክ ይልክልዎታል። የእርስዎንም መልስ አትሞ ይሰድልኛል።

አክባሪዎ ያምሮት እንዳለው


ሻርጃ፣ የካቲት 3 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለያምሮት

እግዚአብሔር ያሳድግሽ። አስታውሼሻለሁ። ንፍጥሽ ከከንፈርሽ የማይደርቅ ልጅ ነበርሽ፤ በነጠላዬ ጫፍ ስንቴ ጠርጌሻለሁ። ለእናቴ ደኅና ነኝ በይልኝ።

የሰው እጅ የሚያምረው ከሩቅ ነው። ጠጋ ብለሽ ስታዪው ያስጠላል። እኔ ይህን ሥራ ከጀመርኩ ወዲህ በእጄ መብላት ትቻለሁ፤ ዳቦ እንኳ በሹካ ነው የምበላው። አንዲት አሮጊት ደንበኛ አለችኝ። የእግሯ አውራ ጣት ጥፍር ወፍሮ ቢጫ ሆኗል። ከሥሩ ስፍቀው የሚወጣው ዱቄት የከረመ አይብ ይሸታል። ይኸው አይብ ካየሁ ስንት ዓመቴ። ይህን ሁሉ የምነግርሽ ሥራው ቀለም መቀባት ብቻ እንዳይመስልሽ ነው። ቀለሙ የመጨረሻው ነው። ከዚያ በፊት ያለው በሙሉ ቆሻሻ ማንሣት ነው።

አሁን ስሚኝ። አሮጌውን ቀለም በአሴቶን አንሺ። እጇን አስታጥበሽ ወዲያው አድርቂ፤ ውሃ ውስጥ አትዘፍዝፊ፣ ጥፍር ውሃ ሲጠጣ ያብጣል። በጥፍሩ ሥር ቀጭን የሞተ ቆዳ ተለጥፎ ታገኛለሽ። አብዛኛው ሰው እንዳለበት አያውቅም። በእንጨት ወደ ኋላ ግፊው፣ ጥፍሩ ላይ የቀረውን ቀስ ብለሽ ፋቂው። አንቺ እስከ ዛሬ ጄሉን የቀባሽው በዚያ ቆዳ ላይ ነው፤ ቆዳው ሲነሣ ይዞት ይነሣል። ጫፉን በአንድ አቅጣጫ ብቻ ሞርጂ። ላዩ ላይ የሚያብለጨልጨውን ብቻ በለስላሳው ሞረድ አንሺለት፣ እንደ እህል አትፍጪው። ጥፍር ከሥሩ ተነሥቶ ጫፍ እስኪደርስ ስድስት ወር ይፈጅበታል፤ አንዴ ካሳሳሽው ስድስት ወር ሙሉ ስትረግምሽ ትኖራለች። ብናኙን በብሩሽ አራግፊ። በመጨረሻ በአልኮል ጥረጊው፣ ከዚያ በኋላ ማንም አይንካው። ጄሉን ስስ አድርገሽ፣ ቆዳ ሳታስነኪ ቅቢ። የጥፍሩን ጫፍም ጠርዙን አልብሺው።

ሠርክአዲስ


ፍኖተ ሰላም፣ የካቲት 24 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለተከበሩ እትዬ ሠርክአዲስ

የደከሙልኝን አምላክ በጤና ይክፈልዎ። ደብዳቤዎን ሁለት ጊዜ አነበብኩት፤ ሁለተኛውን ያነበብኩት ምሳ ላይ ስለነበር ምሳዬን አልጨረስኩም።

የተለማመድኩት በአክስቴ እጅ ነው። ያሉትን ቆዳ ስገፋ ከጥፍሯ ሥር በመጀመሪያ ሊጥ፣ ቀጥሎ ነጭ ሽንኩርት፣ ከሁሉም በታች ከሳምንት በፊት ቤቱን የለቀለቀችበት እበት ደርቆ ወጣ። እትዬ፣ በዚህ እጅ ነው እኮ ከልጅነቴ ጀምሮ ስታጎርሰኝ የኖረችው። እሷ ግን ስቃ፣ «እስከ ዛሬ ገድሎሻል?» አለችኝ። ከዚያ ቀን ወዲህ ስታጎርሰኝ ጥርሴን እነክሳለሁ።

እንዳሉኝ አድርጌ ሠራሁላት፤ ሰባት ቀን ቆየ። በሰባተኛው ቀን ሁለቱ ተነሡ። ጥፋቱን አውቄዋለሁ። ጥፍሯን ጠርጌ ጄሉን ስከፍት ራሷን አክካ ነበር፤ ጸጉሯ ደግሞ ለጋ ቅቤ ተቀብቷል። ሁለተኛው ጥፋት የመብራት ነው። መብራት መሀል ላይ ሲጠፋብኝ እጇን ሰፌድ ላይ አስቀምጬ እንደ ብቅል ፀሐይ ላይ አሰጣሁት። ዝንብ መጥታ አውራ ጣቷ ላይ ተለጠፈች። ክንፏ ብቻ ሲነቀል እግሯ ጄሉ ውስጥ ቀረ። አክስቴ ይኸው ከነዝንቡ እግር ስትዞር ሰነበተች።

ለሀኒ ሰርግ በባትሪ የሚሠራ መብራትና ደኅና ሞረድ ቢልኩልኝ ውለታዎን አልረሳም። የሳሎኑንም ፎቶ አደራ። አባዬ ሲያየው ሥራው የክብር ሥራ እንደሆነ ይገባው ነበር።

አክባሪዎ ያምሮት


ሻርጃ፣ መጋቢት 20 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለያምሮት

ጾሙን በሰላም ያስፈጽምሽ። የዝንቧን ነገር ሳነብ ሹካዬን አስቀመጥኩ። ፀሐይ ላይ አታስጪ፤ ያልደረቀ ጄል ቆዳ ይበላል።

በባትሪ የሚሠራ መብራት፣ ሁለት ሞረድ፣ መግፊያ እንጨትና መጀመሪያ የሚቀባውን ጄል ወደ አገሯ በምትመለስ ልጅ ልኬልሻለሁ። አልኮሉን በአውሮፕላን አታሳልፍም አሏት፤ እሱን እዚያው ከመድኃኒት ቤት ግዢ። ጠንካራውን፣ ውሃ ያልበዛበትን በይ። የሚመጡትን ሁሉ ከመንካትሽ በፊት ጸጉራቸውን በሻሽ አስሪ። ቅቤ አንድ ጠብታ ከነካው ድካምሽ ሁሉ ገደል ገባ።

ደንበኛዬ ትናንት ጥፍሯን ምንጣፍ ላይ ቆርጣ በጣት ለቅሞ ማንሣቱ የኔ ሥራ ሆነ። በመጥረጊያ አይሆንም፣ ምንጣፉ ይጎዳል አለች። እስካሁን ጣቶቼ መሀል የሚወጋኝ ይመስለኛል።

ፎቶ ማንሣት እዚህ አይፈቀድም። የሀኒን ጥፍር አሳምረሽ ሥሪና እዚያው ቅሪ።

ሠርክአዲስ


ፍኖተ ሰላም፣ ግንቦት 12 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለተከበሩ እትዬ ሠርክአዲስ

እንኳን ለትንሣኤው በሰላም አደረሰዎ። የላኩት ሁሉ በደኅና ደርሶኛል። ከዚህ በታች ያለውን ሲያነቡ እንዳይረግሙኝ እለምንዎታለሁ።

ሀኒን ቅዳሜ ከሰዓት ሠራኋት። ጸጉሯን አሰርኩ፣ ቆዳውን ገፋሁ፣ ፋቅሁ፣ ሞረድኩ፣ አራገፍኩ። የቀረኝ አልኮሉ ብቻ ነበር። መድኃኒት ቤቶቹ ካለቀ መሰንበቱን፣ መንገድ ሲከፈት እንደሚመጣ ነግረውኝ ነበር። እኔም ከደምበጫ የመጣ ዳግም አረቄ ገዛሁ። ሁለት ጊዜ የወጣ ነው። በማንኪያ ቀድቼ ክብሪት ስለኩስበት ሰማያዊ ሆኖ ነደደ። የሚነድ ከሆነ ምን ልዩነት አለው ብዬ አሥሩንም ጥፍር በአረቄ ወለወልኩት። ጄሉ ሲያልቅ እንደ መስተዋት አበራ፤ ሀኒ እጇን እያየች አለቀሰች።

እሑድ ማለዳ፣ ወደ ቤተ ክርስቲያን ሊወጡ ሲሉ፣ እንዲያበራ ብዬ አንድ ጊዜ ልወልውለው ስል ጠርሙሱ እጅጌዋ ላይ ተገለበጠ። ቤተ ክርስቲያን ስንደርስ መምሬ ቴዎፍሎስ መጽሐፋቸውን ይዘው ሊጸልዩላቸው ቀረብ ሲሉ ቆም አሉ። አሸተቱ። ደግመው አሸተቱ።

«ይህ ሽታ ኸየት ነው? ይቺ ልጅ ልትቆርብ ነው የመጣችው ወይስ ኸጠጅ ቤት?»

የሀኒ እናት በሕዝብ ፊት የልጃቸውን አፍ እንዲያሸቱ ተደረገ። ከሴቶች በኩል ወጥቼ ጥፋቱ የኔ እንደሆነ ተናገርኩ። መምሬ የልጅቱን እጅ አሽትተው አመኑና ቀጠሉ፤ እኔን ግን የቆሸሸ ነገር እንደሚያይ ሰው ነው ያዩኝ።

ያ እንኳ ያልፍ ነበር። ሐሙስ ዕለት ቡሬ፣ በአማቷ በወይዘሮ አስካለ ማርያም ቤት ቅልቅል ነበር። ሀኒ ዶሮውን ከእንጀራው ጋር ጠቅልላ አማቷን አጎረሰቻቸው። አኘኩት፤ አንድ ነገር አልታኘክ አላቸው። ከአፋቸው አውጥተው መዳፋቸው ላይ ሲያዩት ሮዝ የጄል ጥፍር ነው፣ ወጥ የነካው፣ ቅርጹ እንዳለ። እዚያው መሶቡ አጠገብ አስመለሳቸው። ቀና ሲሉ፣ «ልጄ የምትረግፍ ሚስት ነው ያመጣው?» ብለው ጠየቁ። አጠገባቸው የነበሩትም ጉርሻቸውን ወደ መሶቡ መለሱ፤ አንዳንዱ ከአፉ ነው የመለሰው። ሀኒ ከዚያ ቀን ጀምሮ እጇን ነጠላዋ ውስጥ ደብቃ ነው የምትውለው።

ቀጠሮ የያዙልኝ ሦስት ሴቶች ቀርተዋል። አባዬ ደላላውን ጠርቶታል። ምን ላድርግ?

ያምሮት


ፍኖተ ሰላም፣ ሰኔ 17 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለተከበሩ እትዬ ሠርክአዲስ

ጤናዎን አምላክ ይጠብቅልኝ። ከጻፍኩልዎ ወር አለፈ፤ መልስ አላገኘሁም። ምስክር ደብዳቤውን እንዳዩት በስልኩ ላይ አይቷል። ተቀይመውኝ ከሆነ ይቅርታዎን እለምናለሁ።

ጉዞዬ ለነሐሴ አጋማሽ ተቆርጧል። ስለዚህ ልመናዬን ቀይሬያለሁ። መብራትም ሞረድም አልፈልግም። ሳሎንዎ ውስጥ አንድ ቦታ ይፈልጉልኝ፤ ወለል መጥረግም ቢሆን እጠርጋለሁ። የሰው ቤት ከምገባ ከእርስዎ ሥር ብሆን ይሻለኛል።

አንድ ነገር ግን ልጠይቅዎ። ባለፈው ሰኞ ደላላው ዘንድ ሄጄ ነበር። እጄን በሁለት ጣቱ ጫፍ ይዞ፣ በግ እንደሚገዛ ሰው ወዲያና ወዲህ አገላበጠው። ከዚያ መቁረጫ ሰጥቶኝ ጥፍሬን እስከ ሥጋው አስቆረጠኝ፤ ሁለቱም ትንንሽ ጣቶቼ ደሙ። እጆቼን ነጭ ወረቀት ላይ አስዘርግቶ ፎቶ አነሣቸው። ቀጣሪዎቹ ከፊት አስቀድመው የሚያዩት እጅ ነው አለኝ። እኔ ዘመዴ ሻርጃ ጥፍር ቤት ትሠራለች፣ እሷ ዘንድ እገባለሁ ስለው ስምዎን ጠየቀኝ። ነገርኩት። ሳቀ። ምን እንዳሳቀው አልነገረኝም።

እትዬ፣ ለምን ሳቀ?

ያምሮት


ሻርጃ፣ ሐምሌ 3 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለያምሮት

ሰላም ላንቺ ይሁን። ይህን ደብዳቤ አራት ጊዜ ጀምሬ ሰርዤዋለሁ። ምስክር ሲያትመው ማንበቡ አይቀርም፤ ያንብበው።

መጀመሪያ የአረቄውን ልንገርሽ። የሚነድ ሁሉ አያጸዳም። አረቄ ግማሹ ውሃ ነው፣ የጌሾውም ቅሪት አለበት፤ ያን ሁሉ ጥፍሩ ላይ ቀብተሽ ነው ጄሉን ያለበስሽው። እኔም አልኮል ካጣሽ በአሴቶን ጥረጊ ብዬ መጻፍ ነበረብኝ። የቀሩትን የሀኒን ጥፍሮች እንዳትነቅያቸው፤ ጥጥ አሴቶን ነክረሽ ጠቅልያቸው፣ ራሱ ይለቃል።

የሳቀበትን ደግሞ እነግርሻለሁ። የላከኝ እሱ ነው። የት እንዳለሁ ያውቃል።

ሳሎን የለም። ኖሮም አያውቅም። የምሠራው የአሠሪዬ የማዳም ቤት ነው፣ ለእሷና ለእናቷ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የያዝኩት የሁለት ሰው ጥፍር ነው፣ አርባ ጣት። ማዳም ሳሎን መሄድ ሲሰለቻት ስልክ ላይ ቪዲዮ አሳየችኝና እንደሱ አድርጊ አለችኝ። አንደኛ ዓመቴ ላይ እናቴ ምን ትሠሪያለሽ ብትለኝ ጥፍር እሠራለሁ አልኳት። ውሸት አልነበረም። ሳሎን ያደረጉት እናቴና የአገር ሰው ናቸው፤ እኔም ደስ ስላላቸው ዝም አልኩ።

ዓርብ ዓርብ የማዳምን ጥፍር እሠራለሁ። የአሮጊቷን የእግር ጥፍር ደግሞ በመቀስ እቆርጣለሁ፤ የነገርኩሽ ያ ቢጫው ነው። ስጨርስ ማዳም መቀሱን ከእጄ ትወስድና «እጅሽን» ትለኛለች። በዚያው መቀስ፣ ሳይታጠብ፣ የኔን እስከ ሥጋው ትቆርጠዋለች። ምግብ ስለምነካ ነው። ሳህኗን ሳቀርብ ጣቶቼን በዓይኗ እየፈለገች ፊቷን ትቋጥራለች። የኔ እጅ ይቀፋታል። የእናቷን እግር ያጠበው፣ የሷን ሽንት ቤት ያጠበው እጅ ስለሆነ ይቀፋታል፤ ያንን ያሠራችው ግን ራሷ ናት። እኔም ከሷ ለመድኩት። በራሴ እጅ መጉረስ ያቆምኩት ለዚህ ነው። በሹካ የምበላው የማንም ሰው ጥፍር ስላስጠላኝ አይደለም፣ የራሴ ስላስጠላኝ ነው። የሰውን ሁሉ እጅ ስሰድብልሽ የከረምኩት የኔን እንዳትጠይቂኝ ነበር።

ኮንትራቴ የካቲት ላይ ያልቃል። ሁልጊዜ ሲያልቅ ወረቀት ታመጣለች፣ እኔም እፈርማለሁ። ትልቅ ሳሎን ትሠራለች ብላ እናቴ ለአገሩ ሁሉ ነግራ ጨርሳ፣ ምን ሆኜ ልመለስ?

አንቺ ግን አትምጪ። እጅሽን እንደ በግ ማገላበጡ እዚያ ነው የጀመረው፤ እዚህ ሲደርስ የሚብስ እንጂ የሚቀር አይደለም። ለእናቴ አትንገሪያት።

ሠርክአዲስ


ፍኖተ ሰላም፣ ነሐሴ 5 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለተከበሩ፣ ለምወድዎ እትዬ ሠርክአዲስ

የፍልሰታ እናት ትጠብቅዎ። ከሁሉ አስቀድሜ ይቅርታ እጠይቃለሁ፤ ለእናትዎ አልነገርኩም፣ ለአባዬ ግን ነግሬዋለሁ። ሙሉውን አላነበብኩለትም፣ የመቀሱን ቦታ ብቻ ነው። መቀሱ ሳይታጠብ የሚለው ላይ ስደርስ «ተዪው» አለኝ። ከዚያ «ጥፍርሽን አሳዪኝ» አለ። አሳየሁት፤ ደላላው ያስቆረጠኝ ገና አልበቀለም ነበር። በማግሥቱ ደላላው ቤት ድረስ ሄዶ ፓስፖርቴን ይዞ ተመለሰ። ያ ሰው እጄን የያዘበትን ሁለት ጣት ሳስበው አሁንም እጄን እታጠባለሁ።

አልኮሉ መጣ፤ ከባሕር ዳር በሹፌር አስመጣሁት። ቡሬ ሄጄ የሀኒን ጥፍሮች እንዳሉኝ በአሴቶን አስለቅቄ እንደገና ሠራኋቸው። ወይዘሮ አስካለ ማርያም በር ላይ ቆመው፣ አፍንጫቸውን በነጠላ ይዘው፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አዩኝ። ይኸው አሥራ ስምንት ቀኑ፤ አንድም አልተነሣም። ሀኒ እጇን አውጥታ ገበያ ትሄዳለች። አማቷ እስካሁን ከእጇ አይጎርሱም። ባለፈው ሳምንት ግን የሀኒን ጥፍር ለማየት ተመልሼ ሄጄ ዕቃዬን ስሰበስብ ወደ ጓዳ ጠሩኝና ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «እግር ላይ አይሠራም? እግር ጉርሻ ውስጥ አይገባም» አሉኝ።

ሠራሁላቸው። ተረከዛቸው ተሰነጣጥቆ፣ በየስንጥቁ ጭቃ ገብቶ፣ ትንሿ ጣታቸው ጥፍር ይኑራት አይኑራት እስኪጠፋኝ ድረስ ነበር። ሁለት ጊዜ ወጥቼ አየር ወስጃለሁ። ሲያልቅ ጫማቸውን አጥልቀው፣ ለማንም እንዳልናገር አስማሉኝ። በሦስተኛው ቀን ግን ከቡሬ አራት ሴቶች መጡ፤ ሁሉም ለእግር ነው፣ ሁሉም በምስጢር ነው። አባዬ ከጓዳው አውጥቶ መንገድ ዳር ያለችውን ክፍል ለቆልኛል።

ግድግዳዬ ባዶ ነው፤ የሳሎን ፎቶ አልፈልግም።

እትዬ፣ በመጀመሪያው ደብዳቤዎ ጥፍር ከሥሩ ተነሥቶ ጫፍ እስኪደርስ ስድስት ወር እንደሚፈጅበት ጽፈውልኛል። ኮንትራትዎ የካቲት ላይ ያልቃል። ዛሬ ነሐሴ ነው፤ ቆጥሬዋለሁ፣ ይደርሳል። የፊታችን ዓርብ መቀሱን ይዛ «እጅሽን» ስትልዎ አይስጧት። ክፍሏ ሁለት ወንበር ትይዛለች፤ አንዱን ለማንም አላስቀመጥኩበትም። እናትዎም ለሰው የነገሩትን አያፍሩበትም፤ ሲመጡ ሳሎኑ እዚህ ነው የሚያገኝዎ። ጥፍርዎን ብቻ ይዘው ይምጡ። ማዘጋጀቱን ለኔ ይተዉት።

ልጅዎ ያምሮት